ማሪሊን ሚለር ለምን በሦስት ፊልም ብቻ ቀረች? የአንድ ክር ውሎ

ይህን የኢንተርኔት የውይይት ክር የከፈቱት ሰው ጥያቄ ጠይቀው ብቻ አልተውትም፤ መልሱንም ይዘው መጥተዋል። ነገሩ የዘፋኟና የዳንሰኛዋ የማሪሊን ሚለር ጉዳይ ነው። በ1920ዎቹ በብሮድዌይ፣ በኒው ዮርኩ የቲያትር ሰፈር፣ በሙዚቃ ቲያትር ከእሷ የሚበልጥ ስም መፈለግ ከባድ ነው (ዓመቶቹና ወሮቹ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። በ1920 የቲያትር አዘጋጁ ዚግፌልድ ኒው አምስተርዳም ቲያትር ላይ ያወጣው «ሳሊ» 570 ጊዜ ታየ፤ በ1925 የመጣው «ሰኒ» ደግሞ 517 ጊዜ። ፊልም መናገርና መዝፈን ሲጀምር ሆሊውድ ሁለቱን ሥራዎች ከነኮከባቸው ወሰደ፦ «ሳሊ» በ1929 መጨረሻ፣ «ሰኒ» በ1930፣ ከዚያም በ1931 «ሐር ማጀስቲ፣ ላቭ» ተከተለ። አራተኛ ፊልም የለም። የከፋቹ ሙግት አጭር ነው፦ ማሪሊን ለፊልም አላነሰችም፤ ያነሰው የዘመኑ መቅረጫ ነው። ድምፅዋ ቀጭን ስለነበር ነው የሚለውን የተለመደ ማብራሪያ አይቀበሉም፤ የሚቃወም ካለ ማስረጃውን ይዞ ይምጣ ብለው ጨርሰዋል።

ምላሽ 1 ምስጋና አስቀድሞ አንድ ነገር አረመ። ከፋቹ ፊልሞቹን የዋርነር ብራዘርስ ብለዋቸው ነበር፤ ፊልሞቹ ላይ ያለው ስም ግን ፈርስት ናሽናል ነው። ዋርነር ፈርስት ናሽናልን በ1928 ስለጠቀለለው ሁለቱ አባባሎች አይጣሉም። ለክርክሩ የሚጠቅመው ሌላ ነገር ነው፦ ፈርስት ናሽናል በዚሁ የዋርነርን ቫይታፎን፣ የፊልምን ድምፅ በሸክላ የሚያጫውተውን ዘዴ፣ ወረሰ። ስለዚህ የ«ሳሊ» ድምፅ ለተመልካች የደረሰው ከፊልሙ ጠርዝ ሳይሆን ከሸክላ ነበር።

ምላሽ 2 ከዚያው ቀጠለ፤ የቫይታፎንን አሠራር ያስረዳው እሱ ነው። ሸክላው ስፋቱ 16 ኢንች ነው፣ በደቂቃ 33⅓ ጊዜ ይዞራል፣ መርፌውም የሚነሳው ከውጭ ጠርዝ ሳይሆን ከመሀል፣ ስሙ ከተጻፈበት ወረቀት አጠገብ ነው። ይህ በዘፈቀደ የተደረገ አይደለም። የብረት መርፌ ስል የሚሆነው ገና ሲጀምር ነው፤ ስል መርፌ የሚፈልገውም ሸክላው ከሥሩ በዝግታ የሚያልፍበት የመሀሉ ክፍል ነው። መርፌው እየዶለዶመ ሲሄድ ሸክላው በፍጥነት ወደሚያልፍበት ጠርዝ ይደርሳል፤ እዚያ ጉዳቱ ያን ያህል አይሰማም። ለእያንዳንዱ ጨዋታ አዲስ መርፌ ይገባል። ሸክላው ላይ ትንንሽ ሣጥኖች ታትመዋል፤ ፊልም አጫዋቹ ሸክላውን ባስጮኸ ቁጥር አንዱ ላይ ምልክት ያደርጋል፣ ሣጥኖቹ ሲሞሉ ሸክላው አገልግሎቱን ጨረሰ ማለት ነው። አንድ ሸክላ 11 ደቂቃ ያህል ይይዛል፤ በደቂቃ 90 ጫማ ለሚሄድ የ1000 ጫማ ጥቅል ልክ ነው። የሸክላ ማጫወቻውንና ፕሮጀክተሩን የሚያዞራቸው አንድ ሞተር ነው። አጫዋቹ የፊልሙን የመነሻ ፍሬም (ነጠላ ምስል) ፕሮጀክተሩ መስኮት ላይ፣ መርፌውን ደግሞ ሸክላው ላይ የተሳለው ቀስት ጫፍ ላይ አስቀምጦ ሞተሩን ይከፍታል።

የሚበላሸውም እዚሁ ላይ ነው ይላል ምላሹ። በአንድ ጫማ ፊልም ውስጥ 16 ፍሬም አለ፤ በሰከንድ 24 ፍሬም ያልፋል። ፊልሙ ተበጥሶ አጫዋቹ አንድ ጫማ ቆርጦ ጥሎ ከቀጠለው ምስሉ ድምፁን በሁለት ሦስተኛ ሰከንድ ይቀድመዋል፣ ጥቅሉ እስኪያልቅም አይገናኙም። መድኃኒቱ በተቆረጠው ልክ ጥቁር ፍሬም ቆጥሮ መቀጠል ነው። መርፌው አንድ መስመር ከዘለለ ደግሞ ልዩነቱ 1.8 ሰከንድ ነው፤ አንድ ዙር የሚፈጀው ይህን ያህል ነውና። በንግግር ላይ እንዲህ ያለ ስሕተት ሰውን ያስቃል። በዳንስ ላይ ግን ሥራው ራሱ ይፈርሳል፦ በደቂቃ 180 ምት በሚሄድ ታፕ (በጫማ ኮቴ ምት የሚደነስ ዳንስ) 8 ፍሬም ብቻ ቢጎድል የዳንሰኛዋ እግር ከሙዚቃው አንድ ሙሉ ምት ይርቃል።

ምላሽ 3 በጨዋ ቋንቋ ግን ሳያለባብስ ተቃወመ። የሲኒማ ቤት ስሕተት በሁሉም ዘፋኝ ላይ እኩል ይደርስ ነበር፤ አንዷን ብቻ ለይቶ አይጥልም። ጄኔት ማክዶናልድ በዚያው በ1929 በፓራማውንት ፊልም ጀመረች፤ ከብሮድዌይ የመጣች ሶፕራኖ (ከፍ ባለ የሴት ድምፅ የምትዘፍን) ናት፣ የገጠማትም ያው ጥንታዊ ማይክራፎን ነው፣ እሷ ግን እስከ 1940ዎቹ ዘለቀች። ስለዚህ ልዩነቱን ከጉሮሮ እንጂ ከማሽን አንፈልገው ባይ ናቸው ጸሐፊው። የማሪሊን ድምፅ ትንሽና ቀላል ነበር፤ አድናቂዎቿም ቢሆኑ አስቀድመው የሚያነሱት ዳንሷንና ግርማዋን እንጂ ዘፈኗን አይደለም። ይህ የክሩ ጠንካራ ተቃውሞ ነው፤ ቀጥሎ የመጣው ሁሉ በአንድም በሌላም መንገድ ለእሱ የተሰጠ መልስ ነው።

በእኔ ሚዛን የዚህ ክር ልብ ምላሽ 4 ነው። ጸሐፊዋ ሲኒማ ቤቱን ትተው ወደ ቀረጻ ክፍሉ ገቡና የሚሆነውን በቅደም ተከተል አስቀመጡት። ድምፁ የሚቀረጸው ወፍራም የሰም ሰሌዳ ላይ ነው። ሰሙ ለስላሳ ስለሆነ መልሶ ማጫወት ያበላሸዋል፤ ስለዚህ ከአንድ በላይ ሰም አብሮ ይቀረጻል፣ አንዱ እዚያው ተሰምቶ ይጣላል፣ ሌላው ሳይነካ ለሸክላ ማተሚያ ይሄዳል። ሰም እንደ ፊልም በመቀስ ተቆርጦ አይቀጠልም። ዘፈኑ አራት ደቂቃ ከሆነና ዳንሰኛዋ በሦስተኛው ደቂቃ ከሳተች፣ እሷም፣ ከካሜራው እይታ ውጭ ተቀምጦ የሚያጅባት ኦርኬስትራም፣ አጃቢ ዳንሰኞቹም ከመጀመሪያው ይነሳሉ።

ድምፁ የማይቆረጥ ከሆነ ምስሉን ለመቀያየር ያለው ዘዴ ብዙ ካሜራ በአንድ ጊዜ መክፈት ነው፦ አንዱ ሙሉ ቁመት፣ አንዱ ከወገብ በላይ፣ አንዱ ፊት ይይዛል። ካሜራ ይጮኻል፤ ስለዚህ ድምፅ በማያሳልፍ ሣጥን ውስጥ ገብቶ ከመስታወት ጀርባ ይቀርጻል። እንዲህ የተዘጋበት ካሜራ ከዳንሰኛዋ ጋር እየተንቀሳቀሰ ሊከተላት አይችልም። ብርሃኑም ለሦስቱም ካሜራ እንዲበቃ ተደርጎ ይዘረጋል፤ ለሦስቱም የሚሆን ብርሃን ደግሞ ለአንዳቸውም በደንብ አይሆንም።

ማይክራፎኑ ላይ ሲደርሱ ጸሐፊዋ ለምላሽ 3 ቀጥታ መለሱ። የዌስተርን ኤሌክትሪክ ኮንደንሰር ማይክራፎን ማጉያው አብሮት የተገጠመለት ከባድ ዕቃ ነበር፤ ከላይ ይንጠለጠላል። የቅርብ ምስል ሲሆን ከዘፋኟ ራስ በላይ በትንሽ ርቀት ይቆማል። እግሯን ጨምሮ ሙሉ ቁመቷን ማሳየት ሲፈለግ ግን ከፍሬሙ ለማምለጥ ወደ ላይ ይወጣል። በራቀ ቁጥር የድምፁ ሙላት ይቀንሳል፣ የክፍሉ ማስተጋባትና የጫማው ኮቴ ይጎላል። ጄኔት ማክዶናልድ ቆማ ትዘፍናለች፤ ማይክራፎኑ ቅርቧ ነው። የማሪሊን ጥበብ ዘፈኑ ሳያልቅ እግሯ መነሳቱ ነው፤ ባሌትም ታፕም ዘፈንም በአንድ ትንፋሽ። እግሯን አሳያለሁ ያለ ከድምፅዋ ይቀንሳል፣ ድምፅዋን አስተካክዬ እይዛለሁ ያለ እግሯን ይቆርጣል። ቀጭን የተባለው ድምፅ ከፊሉ የማይክራፎኑ ርቀት ነው። ጸሐፊዋ ከፊሉ ነው ያሉት፤ ይህን ቃል በኋላ ብዙዎች ዘለውታል።

ምላሽ 5 በአንድ መስመር ታዲያ ዘፈኑን አስቀድሞ ቀድቶ፣ በቀረጻ ጊዜ እያሰሙ ማስደነስ አይቻልም ነበር ወይ ሲል ጠየቀ። ምላሽ 6 ይቻል እንደነበር ገለጸ፤ መንገዱ የተገኘውም በዚያው በ1929 በኤምጂኤም ስቱዲዮ ነው። «ዘ ብሮድዌይ ሜሎዲ» ውስጥ አንድ ትልቅ የዳንስ ክፍል ተቀርጾ አልወደዱትም፣ እንደገና ይቀረጽ ተባለ። የድምፅ ኃላፊው ዳግላስ ሺረር ድምፁ ደህና ስለሆነ ኦርኬስትራውን መልሶ መጥራት አያስፈልግም አለ፤ የተቀዳው ድምፅ በማጉያ እየተሰማ ዳንሰኞቹ በዚያ ላይ ደነሱ። ካሜራው ከሣጥኑ ወጣ፣ ማይክራፎኑም ከዳንሰኛው ራስ ላይ ተነሳ። ዘዴው ግን በየስቱዲዮው የዕለት አሠራር እስኪሆን ጊዜ ወሰደ። ዳንሰኛው ፍሬድ አስቴር በ1930ዎቹ አጋማሽ ሲመጣ ዘፈኑ አስቀድሞ ይቀዳል፣ የታፑ ኮቴ ደግሞ ከቀረጻው በኋላ ለብቻው ይጨመራል፣ ካሜራውም ሙሉ ቁመቱን ሳይቆርጥ ይከተለዋል። ምላሽ 6 አስቴርን ያነሳው ለማወዳደር አይደለም። ማሪሊን የሚያስፈልጋት ሁሉ እሷ ከሄደች ከሦስትና ከአራት ዓመት በኋላ ተሟላ ለማለት ነው፤ ይህን ነጥብ ሲያነሱ ቁጭታቸው ይታያል፣ እኔም እጋራዋለሁ።

ምላሽ 7 ሌላ በር ከፈተ፤ ቀለም። «ሳሊ» ከጫፍ እስከ ጫፍ በቴክኒከለር የተሠራ ፊልም ነው፤ ቴክኒከለሩ ግን የዚያን ጊዜው፣ ባለ ሁለት ቀለሙ ነው። ከሌንሱ ጀርባ ያለው ፕሪዝም ብርሃኑን ለሁለት ይከፍላል፣ አንዱ በቀይ ማጣሪያ፣ ሌላው በአረንጓዴ ማጣሪያ ያልፋል፣ ሁለት ፍሬም በአንድ ጊዜ ይቀረጻል። ስለዚህ ካሜራው ከተራው ካሜራ እጥፍ ፊልም ይበላል። ብርሃኑ ተከፍሎ፣ በማጣሪያ አልፎ የሚደርሰው ጥቂት ስለሆነ መብራቱ መብዛት አለበት፤ በዚያ ላይ የአርክ መብራት ስለሚያፏጭ ድምፅ በሚቀዳበት ክፍል የሚፈለጉት ጸጥ ያሉት አምፖሎች ናቸው፣ እነዚህ ደግሞ ሙቀታቸው ከባድ ነው። ዳንሰኛ በዚህ እሳት ሥር አራት ደቂቃ ሳትሳት መጨረስ አለባት።

ኮፒው ሲታተም ሁለት ቀለም ብቻ ይገባዋል፤ አንዱ ወደ ብርቱካን የሚያደላ ቀይ፣ ሌላው ወደ ሰማያዊ የሚያደላ አረንጓዴ። ንጹሕ ሰማያዊ የለም፣ ንጹሕ ቢጫም የለም። የሰው ፊት ያምራል፣ ሣር ያምራል አይባልም፣ ሰማይ ደግሞ ወደ አረንጓዴ ይሄዳል። የልብስና የመድረክ ሠራተኞች ይህን አውቀው ይመርጡ ነበር፤ የ«ሳሊ» መድረክ ለጃክ ኦኪ የአካዳሚ ሽልማት ዕጩነት አስገኝቷል። ዛሬ ያለው ሙሉ ኮፒ ጥቁርና ነጭ ነው፤ በቀለም የተረፈው ከ«ዋይልድ ሮዝ» ትዕይንት ሁለት ደቂቃ ያህል ብቻ ነው። ምላሽ 7 ይህንን ትዕይንት ቀርቦ ያሳየናል፦ ማሪሊን በአትክልት ቦታ ግብዣ ላይ ራሷን የሩሲያ ዳንሰኛ አስመስላ ገብታለች፣ ዙሪያዋን ጥቁር የለበሱ ወንዶች ናቸው። ጥቁሩ ልብስ ዓይንን ወደ እሷ ይመራል፤ ቀለሙ ሲነሳ ግን ወንዶቹና የኋላው ቅጠል እርስ በእርስ ይደባለቃሉ፣ እሷም ከግራጫ መሀል የምትንቀሳቀስ ነጭ ነገር ትሆናለች። ለቀለም ታስቦ የተሠራን ሥራ በጥቁርና ነጭ አይቶ ተዋናይቷ አልበራችም ብሎ መፍረድ ፍርደ ገምድልነት ነው ሲል ዘጋ።

ከዚህ በኋላ ክሩ ትንሽ ሳተ። ምላሽ 8 የማሪሊን ሞንሮ ስም ከዚህች ሴት የመጣ መሆኑን አስታወሰ፤ ምላሽ 9 ደግሞ ዝርዝሩን ጨመረ። «ሐር ማጀስቲ፣ ላቭ» ላይ ከማሪሊን ሚለር ጋር የተጫወተው ቤን ላዮን በ1946 በትዌንቲዝ ሴንቸሪ ፎክስ ተዋንያን የሚመርጥ ኃላፊ ነበር። ኖርማ ጂን የተባለች ወጣት ስትመጣ ሚለርን አስታወሰችውና ስሟን ማሪሊን አላት። ያቺው ወጣት በ1956 ደራሲውን አርተር ሚለርን ስታገባ በባሏ ስም ማሪሊን ሚለር ሆነች። የመጀመሪያዋ ማሪሊን ደግሞ ከአባትና እናቷ ያገኘችው ስም ሜሪ ኤለን ሬይኖልድስ ነው፤ ሚለር የእንጀራ አባቷ ስም ነው። በ1946 ኤምጂኤም የሙዚቃ ደራሲውን የጀሮም ከርንን ታሪክ በፊልም ሲሠራ እሷን ሆና የተጫወተችው ጁዲ ጋርላንድ መሆኗም ተነሳ። ጥሩ ወሬ ነው፣ ግን ከጥያቄው ያርቃል።

ምላሽ 10 ይባስ ብሎ ወደ ሐሜት ወረደ። ማሪሊን ያን ሁሉ ገንዘብ ያገኘችው፣ ኋላም የተባረረችው ከስቱዲዮው አለቃ ጋር በነበራት ግንኙነት ነው አለ። እስከዚህ ድረስ ሁሉም እርስዎ እየተባባሉ ነበር የሚጻጻፉት። ምላሽ 11 ወደ አንተ ዞረና ሳይራራ ተናገረው፦ ለአሥር ዓመት የብሮድዌይን ቤት የሞላች ሴት ዋጋዋን የምታገኘው ከመኝታ ቤት ነው ማለት ነውር ነው፣ ማስረጃም የለውም፤ ወንድ ተዋናይ ቢሆን ይህን ለመጻፍ እጅህ አይንቀሳቀስም ነበር። ምላሽ 10ን የጻፈው ሰው ተመልሶ አልመጣም። ቁጣው ተገቢ ይመስለኛል፤ እንዲህ ያለው ወሬ በዚያ ዘመን ሴት ተዋንያን ሁሉ ላይ ተለጥፏል፣ ሥራቸውን ለመመርመር ግን አንዳችም አይረዳም።

ምላሽ 12 ነገሩን ወደ ገበያ መለሰው፤ በስሌት የቀረበ ስለሆነ ከምላሽ 4 ቀጥሎ ክብደት የምሰጠው ለእሱ ነው። በ1929 እና በ1930 መጀመሪያ ሆሊውድ የሙዚቃ ፊልም አለልክ አመረተ። በ1930 አጋማሽ ላይ ተመልካቹ ጠገበ። ሲኒማ ቤቶች ይህ ፊልም ሙዚቃዊ አይደለም ብለው እስከ ማስተዋወቅ ደረሱ። ዋርነር አስቀድሞ የሠራቸውን ፊልሞች ዘፈናቸውን እያወጣ መልቀቅ ጀመረ፤ «ፊፍቲ ሚሊዮን ፍሬንችመን» የዘፈን ደራሲው የኮል ፖርተር የመድረክ ሥራ ሆኖ ሳለ በ1931 ሲወጣ የሚዘፈን ነገር አልቀረለትም። ቴክኒከለርም በዚያው ወራት ከአቅሙ በላይ ትእዛዝ ተቀብሎ የኮፒው ጥራት ወረደ፣ ስቱዲዮዎቹም ሸሹት።

የምላሽ 12 ጸሐፊ ይህን ከማሪሊን ጋር አገናኙት። ለ«ሳሊ» የተከፈላት 100,000 ዶላር እንደሆነ ይነገራል፤ በሰዓት 1,000 ዶላር ማለት ነው እየተባለም ይጠቀሳል። «ሳሊ» ገበያው ሲሞቅ ወጣ፣ ተሳካለት። «ሰኒ» ኅዳር 1930 ወጣ፤ ቀለም የለም፣ የመድረኩ ዘፈኖች ቀንሰዋል። ስቱዲዮ ወጪ ሲቀንስ መጀመሪያ የሚነካው በጣም ውድ የሆነውን ነው፤ የሙዚቃ ፊልም ሳይሸጥ የሙዚቃ ፊልም ንግሥት መቅጠር አይቻልም። በዚያው ማዕበል የሄዱትን ጠቀሱ፦ በ«ሳሊ» አብሯት የዘፈነው አሌክሳንደር ግሬይ፣ የእሱ ተጣማሪ በርኒስ ክሌር፣ የ«ብሮድዌይ ሜሎዲ» መሪ ተዋናይ የነበረው ቻርልስ ኪንግ። እነዚህ ሁሉ ጉሮሯቸው ቀጭን ነበር ልንል ነው? ቻርልስ ኪንግ እንኳ ቀጭን ሊባል አይችልም።

ምላሽ 3ን የጻፉት ሰው እዚህ ላይ በምላሽ 13 ተመለሱ፣ በዚህ ጊዜ ቃላቸው ጠንከር ብሎ። ገበያው ሁሉንም ጣለ ካላችሁ «ውፒ!» የሚባለውን አስረዱኝ አሉ፤ በ1930 የወጣ የቴክኒከለር ሙዚቃዊ ነው፣ ኤዲ ካንተርም የዚግፌልድ የመድረክ ኮከብ ነው፣ ፊልሙ ግን ተመልካች አገኘ፣ ካንተርም ቀጠለ። ልዩነቱ ካንተር ካሜራ ፊት ሲቆም ለአንድ ሰው የሚያወራ መምሰሉ ነው፤ ማሪሊን ግን ለ1,700 ወንበር ትጫወታለች። ፈገግታዋ ሁልጊዜ ለሰገነቱ ነው። ይህ የማሽን ጥፋት አይደለም። ይህችኛዋ ነጥብ፣ እውነቱን ለመናገር፣ ከጉሮሮው ሙግት ትበልጣለች፤ በቅርብ ምስል ላይ ፊቷ መጠኑን ያለፈ የሚመስልበት ቦታ አለ።

ምላሽ 14 በሦስተኛው ፊልም መለሰ። «ሐር ማጀስቲ፣ ላቭ» የጀርመን ፊልም ዳግም ሥራ ነው፣ አዘጋጁ ቪልሄልም ዲተርለ ነው። ማሪሊን በርሊን ውስጥ የመጠጥ ቤት አስተናጋጅ ናት፣ ቤን ላዮን የሀብታም ፋብሪካ ባለቤቶች ልጅ ነው፣ አባቷን ሆኖ የሚጫወተው ኮሜዲያኑ ደብሊው ሲ. ፊልድስ ነው፣ ድምፅ ባለው ረዥም ፊልም ሲጫወት የመጀመሪያው ነው። ዲተርለ ካሜራውን ያንቀሳቅሳል፤ ቀረጻው ከ«ሳሊ» ይልቅ ነፃ ነው። ማሪሊንም ዝቅ ባለ ድምፅ ትናገራለች፣ ፈገግታዋም ይሰበሰባል። መማር ችላለች ማለት ነው። ችግሩ ስክሪፕቱ የሰጣት ነገር ነው፦ ጥቂት ዘፈን፣ ከዚያ ያነሰ ዳንስ። በእራት ግብዣው ትዕይንት ፊልድስ ሳህን እየወረወረ ሲቀልብ፣ ጣፋጩን በጠረጴዛው ማዶ ላለ እንግዳ ሲልክ፣ ፊልሙ የሚጠብቀውን የእጅ ጥበብ አሳልፎ ለእሱ ሰጥቶታል፤ በዚያ ክፍል እሷ ቁጭ ብላ የምታፍር ልጅ ብቻ ናት። የአገሪቱን ቀዳሚ ዳንሰኛ ወንበር ላይ አስቀምጦ ፊልሙ ከሠረ ማለት ምን ይባላል? ምላሹ ያበቃው በዚህ ጥያቄ ነው።

ምላሽ 15 የመድረኩን ቀጣይ ታሪክ አከለ። መስከረም 1933 መጨረሻ ላይ «አዝ ታውዘንድስ ቺር» በሚውዚክ ቦክስ ቲያትር ተከፈተ፣ ዘፈኖቹን የጻፈው ኧርቪንግ በርሊን ነው፣ 400 ጊዜ ታየ። ዘፋኟ ኢተል ዋተርስም እዚያው ላይ ነበረች። ዛሬ በፋሲካ ሰሞን በአሜሪካ የሚዘፈነውን «ኢስተር ፓሬድ»ን ከክሊፍተን ዌብ ጋር ለመጀመሪያ ጊዜ የዘፈነችው ማሪሊን ናት። ያለ ማጉያ። ከዚያ በኋላ ወደ መድረክ አልተመለሰችም። ለረዥም ጊዜ ያሠቃያት የሳይነስ ሕመም ነበር፤ ቀዶ ሕክምና ተደርጎላት በተከተለው መመረዝ ሚያዝያ 7፣ 1936 ኒው ዮርክ ውስጥ አረፈች፣ በ37 ዓመቷ። ስለዚህ ወደ ፊልም ተመልሳ ቢሆን ኖሮ የሚለው ግምት ጊዜ አልነበረውም፤ «ፎርቲ ሰከንድ ስትሪት» በ1933 የሙዚቃ ፊልምን ካስነሳው በኋላ የቀራት ሦስት ዓመት ነው፣ እሱም በሕመም።

ምላሽ 16 ክርክሩን በዓይን ለሚፈትሽ ሰው መንገድ አስቀመጠ። መጀመሪያ የ«ዋይልድ ሮዝ»ን ትዕይንት ድምፁን ዘግቶ ማየት፤ እግሯና ፊቷ ብቻ ይታዩ። ቀጥሎ ምስሉን ሸፍኖ መስማት፤ ካሜራው ሲርቅና ሲቀርብ ድምፅዋ ይለወጥ እንደሆነ መለየት። ከዚያ ሁለቱን አብሮ ማየትና ሙሉ ቁመቷ የሚታይበትን ጊዜ በሰከንድ መቁጠር፣ ከወገብ በላይ ከሚታይበት ጋር ማወዳደር። በመጨረሻም ይህንኑ በ«ሐር ማጀስቲ» አንድ የንግግር ትዕይንት ላይ መድገም። አንድ ጥንቃቄም አክሏል፦ ምስሉና ድምፁ የማይገጥም ኮፒ ከሆነ ስለ ዳንሷ ከመፍረድ በፊት የድምፁን መስመር ጥቂት ፍሬም ወደፊት ወይም ወደኋላ አድርጎ ማስተካከል ይገባል፤ ለመለኪያ የሚመቸው የታፕ ኮቴ ነው፣ ከንፈር ግን ያታልላል።

ምላሽ 17 አጭር ነው፣ ግን ደስ ይላል። ኒው ዮርክ ውስጥ በ46ኛው ጎዳና ጥግ ባለው የአይ. ሚለር ጫማ ቤት ሕንፃ ላይ አሌክሳንደር ስተርሊንግ ካልደር የቀረጻቸው አራት ሐውልቶች አሉ፤ ጥቅምት 1929 ነው የተገለጡት። ኢተል ባሪሞር ለቲያትር፣ ሮዛ ፖንሴል ለኦፔራ፣ ሜሪ ፒክፎርድ ለፊልም፣ ማሪሊን ሚለር ደግሞ ሰኒን ሆና ለሙዚቃዊ ኮሜዲ ቆመዋል። ማሪሊን የሜሪ ፒክፎርድን ወንድም ጃክን አግብታ በ1927 የተፋታች ናት። «ሳሊ» ሲኒማ ቤት የገባው ሐውልቶቹ ከተገለጡ በኋላ ነው፤ ሕዝቡ በየትኛው ጥበብ እንዳከበራት አስቀድሞ ተወስኖ ነበር።

ከፋቹ በምላሽ 18 ተመልሰው ሙግታቸውን አጠበቡ። መቅረጫው ብቻውን ገደላት አይሉም፤ መቅረጫው «ሳሊ» ላይ ከጥበቧ ግማሹን አስቀረ፣ ገበያው «ሰኒ»ን ቆረጠ፣ ስክሪፕቱ በሦስተኛው አስቀመጣት። የምላሽ 13ን የሰገነት ፈገግታም ተቀበሉት፣ ግን በመጀመሪያ ፊልሟ ላይ ብቻ።

የመጨረሻው፣ ምላሽ 19፣ ለምላሽ 16 አንድ እርማት ጨመረ፤ ሳይታይ እንዳይታለፍ የምፈልገውም እሱን ነው። የቫይታፎን ፊልም ድምፁ በሸክላ ስለነበር ምስሉ የፊልሙን ሙሉ ስፋት ይይዛል። ያው ፊልም በኋላ ድምፁ ጠርዙ ላይ ባለ ኮፒ ሲገለበጥ የድምፁ መስመር የሚቀመጠው በግራ በኩል ነው፤ ገልባጩ ምስሉን አሳንሶ ካላስተካከለ የግራው ጠርዝ ይቆረጣል፣ መሀል የነበረችው ዳንሰኛም ወደ ግራ የተጠጋች ትመስላለች። ምስሉን በአራት ማዕዘኑ ልክ ለማስተካከል ሲባል ከላይና ከታች ከተቆረጠም የሚሄደው ራስ ወይም እግር ነው። ስለዚህ የሰከንድ ቆጠራው ከመጀመሩ በፊት ኮፒው ሙሉ ስፋት ያለው መሆኑ ይረጋገጥ፦ የመግቢያው ጽሑፍ በግራና በቀኝ እኩል ባዶ ቦታ ካለው ምስሉ አልተቆረጠም፤ ጽሑፉ ወደ ግራ ተጠግቶ ከሆነ ግን እግሯን የቆረጠው የ1929ኙ ካሜራ ነው ብሎ መክሰስ አይቻልም።